ምዕራፍ 7፦ በቀን ስንት ቶን? የናፖሊ ወደብ በ1943

ባለፉት ምዕራፎች ምጽዋን ሁለት ጊዜ አይተናታል። መጀመሪያ በ1935፣ የጣሊያን ጦር ኢትዮጵያን ለመውረር ሲሰናዳ፣ ከናፖሊና ከሌሎች ወደቦች ወታደርና ስንቅ ጭነው የመጡ መርከቦች ምጽዋ ደጃፍ ላይ ማራገፊያ አጥተው ተራ ሲጠብቁ አየን። ቀጥሎ በ1941፣ ያው ጦር ተሸንፎ ወደቡን ሊለቅ ሲል መርከቦቹንና ተንሳፋፊ የመርከብ መጠገኛዎቹን በገዛ እጁ ሲያሰምጥ፣ በዓመቱም አሜሪካዊው የባሕር ኃይል መኮንን ኤድዋርድ ኤልስበርግ ያንን ብረት ከባሕሩ ሥር ሲያወጣ ተከታተልን። ምጽዋ ላይ የጀመርነውን ጥያቄ አሁን መርከቦቹ ወደ ተነሡበት ከተማ ይዘነው እንሄዳለን። የጊዜ አቆጣጠሩ እንደተለመደው የአውሮፓውያን ነው።

ጥያቄው ይህ ነው፦ ጦር ለአንድ ወደብ ብሎ ያን ያህል ደም የሚያፈስሰው ለምንድን ነው? ብዙ ሰው “ወደብ ሀብት ስለሆነ” ወይም “ከተማዋ ትልቅ ስለሆነች” ይላል። የስንቅና ትጥቅ ሹማምንት ግን የሚያዩት አንድ ቁጥር ብቻ ነው፤ በዚህ ወደብ በኩል በቀን ስንት ቶን ይወጣል? ይህን ቁጥር የያዘ አንባቢ የናፖሊን ታሪክ እንደ አንድ ጄኔራል ሊያነበው ይችላል።

ጓዳውና ዳሱ

ትልቅ ድግስ እናስብ። ጓዳው ሞልቷል። ወጡ ተሠርቷል፣ እንጀራው ተደርድሯል፣ ጠላው ተጠልሏል። ዳሱ ውስጥ አምስት መቶ እንግዳ ተቀምጧል። ከጓዳ ወደ ዳስ የሚያሳልፈው ግን አንድ ጠባብ በር ነው፤ ሁለት አሳላፊ ጎን ለጎን አያስወጣም። እንግዳው መራብ ሲጀምር ባለድግሱ ሌላ በሬ ቢያርድ ምን ይጠቅመዋል? ጓዳውን ይበልጥ ያጣብባል እንጂ ዳሱ ውስጥ አንድ ጉርሻ አይጨምርም። የሚያዋጣው በሩን ማስፋት ወይም ሌላ በር መክፈት ነው።

በ1943 የአሜሪካ ፋብሪካዎች ጓዳው ነበሩ። ከዚያ በፊት እንደዚያ የሞላ ጓዳ የነበረው ጦር አልነበረም። ሊበርቲ የሚባለው የጭነት መርከብ እንደ ጡብ እየተቀረጸ ይወጣ ነበር፤ ጦርነቱ ሲያልቅ ቁጥሩ ከ2,700 አልፏል። አንዱ መርከብ 9,000 ቶን ያህል ይጭናል። ይህን ጭነት 2 ተኩል ቶን በሚይዘው የጦር ካሚዮን እናመላልስ ብንል ከ3,500 በላይ ጉዞ ይጠይቃል።

ዳሱ ደግሞ የውጊያው ግንባር ነው። የዚያን ጊዜ የአሜሪካ ጦር አቅድ አውጪዎች በውጊያ ላይ ላለ አንድ ክፍለ ጦር፣ ከነደጀኑ፣ በቀን ከ600 እስከ 700 ቶን ይመድቡ ነበር። ምግብ ከዚህ ውስጥ ትንሹ ነው። ጀርባ የሚሰብሩት ነዳጅና ጥይት ናቸው። ሰባት ክፍለ ጦር ያለው ሠራዊት እንግዲህ በየቀኑ፣ እሑድም ሆነ ዝናብ፣ ወደ 4,500 ቶን ይፈልጋል። አንድ ቀን የቀረውን በማግስቱ ደርቦ ማስገባት አይቻልም፤ በሩ ያው በር ነውና።

የበሩን ስፋት የሚወስኑት ጥቂት ነገሮች ናቸው። ሊበርቲ መርከብ ሙሉ ጭነት ይዞ ለመጠጋት ከ8 ሜትር በላይ ጥልቀት ያለው ውኃ ይፈልጋል። ጎኑን የሚያስጠጋበት ግንብ ያስፈልገዋል፤ ግንቡ በረዘመ መጠን አንድ ጊዜ የሚራገፉት መርከቦች ይበዛሉ። ጭነቱን የሚያነሣ ክሬን፣ የሚያስቀምጥ መጋዘን፣ ከመጋዘኑ የሚያወጣ መንገድና ሐዲድም አለ። ከእነዚህ አንዱ ቢጎድል የሌሎቹ መሟላት አይጠቅምም። መቶ ክሬን ያለው ወደብ፣ መውጫው በፈረሰ ሕንጻ ከተዘጋ፣ በቀን የሚያወጣው ዜሮ ነው።

ናፖሊ ይህን ሁሉ አሟልታ የያዘች ወደብ ነበረች። በጣሊያን ከጄኖዋ ቀጥላ ሁለተኛዋ ስትሆን፣ ከ1940 ጀምሮ ሰሜን አፍሪካ የሚዋጋው የጣሊያንና የጀርመን ጦር ስንቁን በብዛት የሚቀበለው ከእርሷ ነበር። ስለዚህም ተቀጠቀጠች። በዲሴምበር 4 ቀን 1942 የአሜሪካ ቦምብ ጣዮች መጥተው ሙዚዮ አቴንዶሎ የተባለውን የጦር መርከብ እዚያው ወደቡ ውስጥ አሰመጡት። በማርች 28 ቀን 1943 ደግሞ ለአፍሪካ ጥይት የጫነው ካተሪና ኮስታ ወደቡ ውስጥ በእሳት ተያይዞ ፈነዳ፤ ከ600 በላይ ሰው ሞተ። ጥይት የታጨቀበትን መርከብ ከአንድ ሚሊዮን ሰው ጉያ ማቆም ምን ማለት እንደሆነ የናፖሊ ሕዝብ ያወቀው ያን ቀን ነው።

በቀጥታ ለምን አልገቡም?

እንግሊዞችና አሜሪካኖች በኦገስት 17 ቀን 1943 ሲሲሊን ጨርሰው ያዙ። ቀጣዩ ግባቸው ናፖሊ መሆኑን የማያውቅ አልነበረም፤ ጀርመኖችም ያውቁ ነበር። ታዲያ ከከተማዋ በስተ ደቡብ ምሥራቅ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀው ሳሌርኖ ላይ የወረዱት ለምን ነበር?

መልሱ ነዳጅ ነው። መርከቦቹን ከአየር የሚጠብቀው ስፒትፋየር ተዋጊ አውሮፕላን ከሲሲሊ ተነሥቶ፣ ተጨማሪ የነዳጅ ታንክ ታስሮለት እንኳ፣ ሳሌርኖ ሰማይ ላይ መቆየት የሚችለው ከግማሽ ሰዓት ላነሰ ጊዜ ነበር። ከናፖሊ በስተ ሰሜን ቢሻገሩ ጭራሽ አይደርስላቸውም። የናፖሊ ባሕረ ሰላጤ ራሱ ደግሞ በመድፍና በባሕር ፈንጂ የታጠረ ነበር። ሳሌርኖ ረጅም አሸዋማ ዳርቻ አለው። ጉድለቱ በእርሱና በናፖሊ መካከል የተጋረደው ተራራ ነው፤ የሚያሳልፉት ጠባብ በሮች ናቸው።

የጣሊያን መንግሥት እጅ መስጠቱ በሴፕቴምበር 8 ምሽት ተነገረ። በማግስቱ ንጋት የጄኔራል ማርክ ክላርክ 5ኛ ጦር ሳሌርኖ ላይ ወረደ። ጣሊያን ከጦርነቱ ወጣች ብለው ደስ ብሏቸው የመጡ ወታደሮች የጠበቃቸው የጀርመን 10ኛ ጦር ነበር። በሴፕቴምበር 13 ጀርመኖች ወራሪውን ወደ ባሕር ሊገፉት ጥቂት ቀርቷቸው ነበር። ክላርክ ከዳርቻው ስለ መልቀቅ እስከ ማሰብ ደርሶ ነበር። ያተረፉት የጦር መርከቦቹ መድፍ፣ ሌሊት በጃንጥላ የወረዱት አየር ወለዶችና የእግረኛው ግትርነት ናቸው።

ይህ ሁሉ ሲሆን ጭነት የሚገባው በአሸዋው ላይ ነበር። አፋቸው የሚከፈት የማረፊያ መርከቦች ዳርቻው ላይ ይተኛሉ፤ በውኃም በየብስም የሚሄዱ ካሚዮኖች ከትልልቆቹ መርከቦች ጭነት እየተቀበሉ ይመላለሳሉ። ብልሃቱ የሚደነቅ ነው፤ ነገር ግን በአየሩ ጠባይ ላይ የቆመ ነው። በሴፕቴምበር ማብቂያ የተነሣው ማዕበል ማረፊያ ጀልባዎችን አሸዋው ላይ ወርውሮ የማራገፉን ሥራ አስተጓጎለው። ክረምቱ ደግሞ ገና ሊመጣ ነው። ለ5ኛው ጦር ናፖሊ አንድ ድል መጨመሪያ ብቻ አልነበረችም፤ ካላገኛት ተራራውን ተሻግሮ የሚዋጋበት ስንቅ አያገኝም።

ቀን መስረቅ

የጀርመኑ የደቡብ አዛዥ ፊልድ ማርሻል ኬሰልሪንግ ናፖሊን ሊይዛት እንደማይችል ያውቅ ነበር። ለ10ኛው ጦር አዛዥ ለፎን ፊቲንግሆፍ የሰጠው ትእዛዝ አሳቡን ይገልጠዋል፦ እየተዋጋህ ወደ ኋላ ሂድ፣ ከናፖሊ በስተ ሰሜን ያለውን የቮልቱርኖን ወንዝ ግን እስከ ኦክቶበር 15 እንዳትለቅ። ትእዛዙ ቦታ ይጥራ እንጂ ልቡ ቀኑ ላይ ነው። ከኋላው፣ ካሲኖ አካባቢ ባሉት ተራሮች ላይ፣ የኮንክሪት ምሽግ እየተሠራ ነበር፤ ለዚያ ጊዜ ያስፈልጋል። ጊዜው የሚገኘው የጠላትን የቀን ቶን በመቀነስ ነው።

ስለዚህ የጀርመን መሐንዲሶች ወደቡን የበሩን ስፋት የሚወስኑትን ነገሮች አንድ በአንድ እየቆጠሩ አፈረሱት። ከመቶ በላይ ትልልቅና ትንንሽ መርከቦች፣ ጎታች ጀልባዎችና መርከብ መሰል ጭነት ማመላለሻዎች ማስጠጊያ ግንቦቹ ሥር ሰመጡ። ክሬኖቹ ተነቅለው በሰመጡት መርከቦች ላይ ተጋደሙ። በላያቸው የባቡር ራስ፣ ካሚዮን፣ ጥይት፣ የተገኘው ብረት ሁሉ ተጣለ፤ ጠላቂ ገብቶ አንዱን ሲፈታ ሌላው እንዲያንቀው። ወደቡን የከበቡት ሕንጻዎች ፍርስራሻቸው መንገዱ ላይ እንዲወድቅ ሆነው ተናዱ። ለከተማዋ ውኃ የሚያመጣው የሴሪኖ ቦይ በብዙ ቦታ ተቆረጠ፤ የኃይል ማመንጫው ወደመ፤ የፍሳሽ መሥመሩ ተዘጋ።

ውኃው ከወደቡ ጋር ምን አገናኘው? አንድ ሚሊዮን ሕዝብ የተጠማባትን ከተማ የያዘ ጦር መጀመሪያ የሚያራግፈው ጥይት ሊሆን አይችልም።

ከዚህ ሁሉ አንዱ ጥፋት ግን በቀን ሒሳብ ሊገባ አይችልም። በሴፕቴምበር 30 የጀርመን ወታደሮች ከቦምብ ለማዳን ተብሎ ወደ ገጠር፣ ሳን ፓውሎ ቤል ሲቶ ወደሚገኝ ቤት የተወሰደውን የናፖሊ ቤተ መዛግብት ንብረት አቃጠሉ። የመካከለኛው ዘመን ነገሥታት መዝገቦች አመድ ሆኑ። ይህ እሳት ለኬሰልሪንግ አንዲት ደቂቃ አልገዛለትም። ወደብ ማፍረስ ጭካኔ ቢሆንም የጦር ሥራ ነው፤ መዝገብ ማቃጠሉ ግን ክፋት ብቻ ነው።

አራቱ ቀናት

እስካሁን ከተማዋን እንደ በርና እንደ ቁጥር አይተናታል። ሰዎቿ ግን በሁለቱ ጦሮች መካከል ተቀምጠው ተራቸውን አልጠበቁም።

የጀርመኑ የከተማ አዛዥ ኮሎኔል ሾል በሴፕቴምበር 12 የከበባ ሕግ አወጀ። ከዚያም ከባሕሩ ዳር እስከ 300 ሜትር ያለው ሕዝብ ቤቱን እንዲለቅ ታዘዘ፤ ከ200 ሺህ በላይ ሰው ማለት ነው። ወጣት ወንዶች ደግሞ ለግዳጅ ሥራ እንዲመዘገቡ ጥሪ ወጣ። ከተጠበቁት 30 ሺህ ገደማ ሰዎች የመጡት 150 ያህል እንደነበሩ ይነገራል። ጀርመኖች ያልመጣውን ከየቤቱ እየጎተቱ ማውጣት ሲጀምሩ ከተማዋ በሴፕቴምበር 27 ተነሣች። ጣሊያኖች እስከ 30 የቆየውን ይህን ውጊያ “የናፖሊ አራቱ ቀናት” ይሉታል።

መሪው አንድ ሰው አልነበረም። ከጦር ሠፈር ጠመንጃ የዘረፉ ወታደሮች፣ የወደብ ሠራተኞች፣ ተማሪዎች፣ እናቶች፣ የመንገድ ልጆች በየሰፈራቸው ተዋጉ። ጄናሮ ካፑዋዞ የተባለው የ11 ዓመት ልጅ በሴፕቴምበር 29 ሲዋጋ ተገደለ፤ በኋላ የአገሪቱ የወርቅ የጀግንነት ሜዳይ ተሰጠው። ማዳሌና ቼራሱዎሎ የተባለችው ወጣት ሠራተኛ ከጓደኞቿ ጋር የሳኒታን ድልድይ ጀርመኖች እንዳያፈርሱት ተከላከለች፤ ዛሬ ድልድዩ የሚጠራው በስሟ ነው። መጨረሻ ላይ ኮሎኔል ሾል ከአማጺው መኮንን ከኤንሶ ስቲሞሎ ጋር ተደራድሮ፣ ያገታቸውን ሰዎች ለቆ በሰላም የመውጫ መንገድ ተቀበለ።

ሕዝቡ ወደቡን አዳነው የሚሉ አሉ። እኔ አይመስለኝም፤ ወደቡ በዚያን ጊዜ አብዛኛው ፈርሶ ነበር። ያዳነው ሌላ ነገር ነው። ለግዳጅ ሥራ ሊጋዙ የነበሩት ወንዶች እዚያው ቀሩ። ከሳምንት በኋላ ፍርስራሽ የሚያነሣ፣ ጭነት የሚሸከም እጅ ከመካከላቸው ተገኘ። የሳኒታ ድልድይም ቆሞ ቀረ። በጄኔራሎቹ የቀን ሒሳብ ውስጥ ይህ ትንሽ አይደለም፤ በጦር ታሪክ መጻሕፍት ግን ብዙ ጊዜ በአንድ መስመር ያልፉታል።

በሰመጠው ላይ መራመድ

በኦክቶበር 1 ጠዋት የእንግሊዝ ጋሻ ለበስ ተሽከርካሪዎች፣ ከኋላቸው የአሜሪካ አየር ወለዶች ገቡ። የወደቡ ሥራ ለአሜሪካዊው የባሕር ኃይል መኮንን ለኮሞዶር ዊልያም ሱሊቫንና ለጦሩ መሐንዲሶች ተሰጠ። ሰዎቹ ከሰሜን አፍሪካና ከሲሲሊ ወደቦች የተማሩትን ይዘው ነው የመጡት።

ኤልስበርግ ምጽዋ ላይ የሰመጠውን ያወጣ እንደነበር ታስታውሳላችሁ። ናፖሊ ላይ ያ መንገድ አያዋጣም ነበር፤ እያንዳንዱን መርከብ አየር ሞልቶ፣ ቀዳዳውን ደፍኖ ማንሣት ሳምንታት ይፈጃል፣ መርከቡም ከመቶ በላይ ነው። የሱሊቫን ሰዎችና መሐንዲሶቹ ነገሩን ገለበጡት። ጀርመኖች መርከቦቹን ያሰመጡት ልክ ግንቡ ሥር ነበር። ታዲያ ከግንቡ ጥግ የተጋደመ ትልቅ መርከብ ራሱ ግንብ ሊሆን አይችልም? ከውኃው በላይ የወጣውን አካል ቆርጠው አስተካከሉት፣ ከግንቡ እስከ መርከቡ ጀርባ የእንጨትና የብረት መተላለፊያ ዘረጉበት፣ ሊበርቲ መርከብ ከወዲያኛው ጎን መጥቶ ተጠጋ። ካሚዮኖች በሰመጠው መርከብ ላይ እየነዱ ጭነት አወጡ። እንዲያውም ውኃው ከግንቡ ይልቅ እዚያ ይጠልቃል።

ክሬን አለመኖሩስ? ጀርመኖች ያላሰቡት ወይም አስበው ምንም ሊያደርጉት ያልቻሉት እዚህ አለ። ሊበርቲ መርከብ የራሱን ማንሻ ተሸክሞ ይዞራል። የወደብ ክሬን ቢኖር ሥራው ይፈጥናል፤ ባይኖር ግን አይቆምም።

ከተማዋ ከተያዘች በጥቂት ቀናት ውስጥ የመጀመሪያው ሊበርቲ መርከብ ገባ። ዓመቱ ሳያልቅ ወደቡ ዋናው የ5ኛው ጦር በር ሆኖ ነበር። ሥራው ግን በሰላም አልሄደም። ጀርመኖች ሰዓት የተሞላላቸው ፈንጂዎች ከተማዋ ውስጥ ቀብረው ሄደው ነበር፤ በኦክቶበር 7 ዋናው ፖስታ ቤት ፈንድቶ ወታደሮችንና መንገደኞችን ገደለ። ከዚያ ወዲያ ሰው ወደ ማንኛውም ትልቅ ሕንጻ ሲገባ ግድግዳውን እያዳመጠ ነበር።

የከተማዋ አፍ

ድግሱን ያነሣነው በሩን ለማሳየት ነበር። በሩ አጠገብ ግን ሌላ የተራበ ሰው እንደቆመ ጨምሩበት። ናፖሊ የተያዘችው ለወታደር ስንቅ ማስገቢያ ቢሆንም ራሷ መብላት ነበረባት። ከተራገፈው ቶን ዱቄት ለሕዝቡ ሄደ፤ ብዙው ደግሞ ከወደብ ወደ ጓሮ ገበያ ተሰረቀ። በ1943 እና በ1944 መካከል ባለው ክረምት በቅማል የሚተላለፈው የታይፈስ ወረርሽኝ ተነሣ። ዲዲቲ በተባለው ተባይ ማጥፊያ የመጀመሪያው ትልቅ ዘመቻ የተካሄደው ያኔ ነው፤ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ሰው በልብሱ ውስጥ የዲዲቲ ዱቄት ተነፋበትና ወረርሽኙ በክረምቱ አጋማሽ ተገታ። መድኃኒቱም የገባው በመርከብ ነበር። ወደብ የሚይዝ ጦር ከተማም አብሮ መያዙን ብዙ አቅድ አውጪዎች ዘግይተው ነው የሚገነዘቡት።

የተከፈተ በር ደግሞ ተመልሶ ሊዘጋ ይችላል። በአድሪያቲክ ባሕር በኩል ያለችው ባሪ ለእንግሊዝ 8ኛ ጦርና ለአየር ኃይሉ ታገለግል ነበር። በዲሴምበር 2 ቀን 1943 ምሽት ሥራው እንዳይቆም መብራት እንደበራ እየተራገፈ ሳለ የጀርመን ቦምብ ጣዮች ደረሱ፤ ብዙ መርከቦች ሰመጡ። ከእነዚህ አንዱ፣ ጆን ሃርቪ የተባለው የአሜሪካ መርከብ፣ በምስጢር የሰናፍጭ ጋዝ ቦምብ ጭኖ ነበር። ሐኪሞቹ አልተነገራቸውም፤ ከ80 በላይ የመርከብና የጦር ሰዎች በጋዙ ሞቱ፤ የከተማው ሕዝብ ሙታን በዚህ አይቆጠሩም። የኢትዮጵያ አንባቢ ይህን መርዝ ያውቀዋል፤ በ1935 እና በ1936 የጣሊያን አውሮፕላኖች በአባቶቻችን ላይ ያዘነቡት እርሱኑ ነው። የባሪ ወደብ ወደ ሙሉ ሥራው እስኪመለስ ሳምንታት ፈጅቷል።

እንግዲህ የቀን ስርቆቱ ለማን ሆነ? ወደቡን በተመለከተ ጀርመኖች ያሰቡትን ያህል አላገኙም። በሩን ዘጉት፣ ሱሊቫንና መሐንዲሶቹ በዘጉበት ነገር ላይ ቆመው ከፈቱት። ጀርመኖች ያተረፉት ከበሩ ወዲያ ነው። 5ኛው ጦር ቮልቱርኖን የተሻገረው በኦክቶበር 12 ሌሊት፣ ኬሰልሪንግ ከቆረጠው ቀን በጥቂቱ ቀደም ብሎ ነበር። ከዚያ በኋላ ግን የፈረሰ ድልድይ፣ ጭቃና ተራራ ተቀበለው። ናፖሊ ላይ የሞላው ቶን ካሲኖ ግርጌ ሲደርስ በበቅሎ ጀርባ ይወጣ ነበር። ሮም የተያዘችው በጁን 4 ቀን 1944፣ ከናፖሊ ስምንት ወር በኋላ ነው። በእኔ ፍርድ የኬሰልሪንግ መሐንዲሶች ወደቡ ላይ ተሸነፉ፣ መንገዱ ላይ አሸነፉ።

በኦገስት 15 ቀን 1944 ናፖሊን አንዱ መነሻው ያደረገ ሌላ ወረራ ደቡብ ፈረንሳይ ላይ ወረደ። ግቡ እንደገና ወደብ ነበር፦ ቱሎንና ማርሴይ። ማርሴይ በኦገስት 28 እጅ ስትሰጥ ጀርመኖች ወደቧን በሰመጠ መርከብና በፈንጂ ሞልተውት ነበር። በሴፕቴምበር አጋማሽ ሊበርቲ መርከቦች ገቡ።